ከተዝካሩ በፊት ልደታቸውን እንደግስ

«እናት አረፉ» የሚል ስልክ ሲመጣ እኛ ድንበር ተሻጋሪ ነጋዴዎች የምናሳየው ፍጥነት ያስገርማል። ኢስሊ ያለው ሱቁን ለጓደኛው አደራ ብሎ የሌሊት አውቶቡስ ይይዛል። ጁባ ያለችው የቲኬት ገንዘብ ተበድራ ትሳፈራለች። ጅቡቲ ያለው ዕቃውን ጉምሩክ ላይ ጥሎ ይመጣል። በሦስተኛው ቀን ሁሉም ድንኳን ውስጥ ነው። በአርባው በሬ ይወድቃል፣ ጠላ ይጠመቃል፣ ሰፈሩ ሁሉ ይበላል። እኚያው እናት ከሁለት ዓመት በፊት 70 ሲሞላቸው ግን አንዱ ደወለ፣ አንዷ ገንዘብ ላከች፣ ሌላው ጨርሶ አላወቀም።

የምለው አጭር ነው። ለቀብርና ለተዝካር ከምናወጣው ገንዘብ፣ መንገድና ድካም ጥቂቱን ወላጆቻችን ጆሯቸው እየሰማ፣ ዓይናቸው እያየ፣ በ70ኛው ወይም በ80ኛው ዓመታቸው እናውጣው።

ተዝካር ይቅር አላልኩም። ለኦርቶዶክሱ የሃይማኖቱ ጉዳይ ነው፣ ሙስሊሙም የራሱ ሰደቃ አለው፣ በሟች ስም ድሃ ማብላትም መልካም ነው። ነገር ግን በተዝካር ላይ የሚነገረውን ምስጋና ሟች አይሰሙትም። «እሷ ባታበድረኝ ኖሮ ዛሬ ሱቅ የለኝም ነበር» ብሎ የሚያለቅስ ሰው ያንን ቃል ለሃያ ዓመት በሆዱ ይዞት ኖሯል። ያንን ቃል በጊዜው ቢሰሙት ምን ያህል ደስ ይላቸው ነበር!

ለነጋዴ ወላጆች ነገሩ የበለጠ ይከብዳል። የመንግሥት ሠራተኛ 60 ዓመት ሲሞላው ጡረታ ይወጣል፤ ባልደረቦቹ ተሰብስበው ይሸኙታል፣ ስለ አገልግሎቱ ይናገሩለታል፣ ስጦታ ይሰጡታል። በራሱ ንግድ የኖረ ሰው ግን የሚሸኘው መሥሪያ ቤት የለውም። አንድ ቀን ጉልበቱ እምቢ ይለዋል፣ ቁልፉን ልጁ ይረከበዋል፣ በቃ። አርባ ዓመት መተማና ሞያሌ፣ ቶጎ ውጫሌና ጅቡቲ ሲመላለስ የኖረ ሰው «ደክመሃል፣ እናመሰግናለን» ሳይባል ቤት ይቀመጣል። 70ኛው ወይም 80ኛው ዓመት ይህን ውለታ የምንመልስበት ቀን ሊሆን ይችላል።

«ልደት ባህላችን አይደለም» የሚሉ አሉ። ግማሽ እውነት አላቸው። በእኛ ዘንድ ልደት ሲባል መጀመሪያ የክርስቶስ ነው። ከዚያ ቀጥሎ የንጉሥ ነበር። ሐምሌ 16 የአፄ ኃይለ ሥላሴ ልደት የአገር በዓል ሆኖ ሲከበር የኖረ ሲሆን፣ በ1964 ዓ.ም. 80ኛ ዓመታቸው በታላቅ ድግስ መከበሩን ያስታወሱ ሽማግሌዎች ዛሬም አሉ። ተራው ሰው የተወለደበት ቀን አይጻፍም ነበር፣ ስለዚህም አይከበርም። ሻማውና ኬኩ የመጡት ኋላ ከልጆች ጋር ነው። ሽማግሌን አስቀምጦ መመረቅ፣ ዘመድ ሰብስቦ «እንኳን ለዚህ አደረሰዎ» ማለት ግን ከማንም የተዋስነው አይደለም። ሻማው ካልተመቸን እንተወው። ልደት ማክበርን ሃይማኖታቸው የማይፈቅድላቸው ቤተሰቦችም አሉ፤ እነሱ ስሙን ትተው ዘመድ የሚበላበትና ለወላጅ ዱዓ የሚደረግበት ቀን ቢያደርጉት ከሐሳቡ ምንም አይጎድልም።

«እናታችን መቼ እንደተወለዱ አናውቅም» የሚለው ሁለተኛው ምክንያት ነው። ይህን በሁለት መንገድ ማግኘት ይቻላል። የመጀመሪያው በታላላቅ ክስተቶች ነው። «የንጉሡ 25ኛ የዘውድ በዓል ሲከበር ተወልደው ነበር?» ብለን ብንጠይቅ ጥቅምት 1948 ዓ.ም. ማለታችን ነው። «የታኅሣሥ ግርግር ጊዜ ምን ያህል ልጅ ነበሩ?» ስንል 1953፣ «አብዮቱ ሲፈነዳ አግብተው ነበር?» ስንል 1966። ሦስት አራት ጥያቄ ከተጠየቀ ዓመቱ ይጠጋል። ሁለተኛው መንገድ ክርስትና ነው። ወንድ በ40 ቀኑ፣ ሴት በ80 ቀኗ ክርስትና ስለሚነሱ፣ የክርስትናውን ዕለት የሚያውቅ ሰው የልደቱን ቀን ወደ ኋላ ቆጥሮ ያገኘዋል። ኅዳር 21 ቀን ለጽዮን ክርስትና የተነሣች ልጅ መስከረም 1 ወይም 2 ተወልዳለች ማለት ነው። ይህን ቆጠራ ከእናት ጋር ቁጭ ብሎ መሥራት ራሱ ደስ የሚል ጨዋታ ነው፤ ስለ ልጅነታቸው ያላወቅነውን ብዙ ያወጣል።

እዚህ ላይ በውጭ ያለን ልጆች የምንሳሳተው አንድ ሒሳብ አለ። በ1948 ዓ.ም. የተወለዱ እናት በ2018 ዓ.ም. 70 ይሞላቸዋል። ናይሮቢ ያለው ልጅ በስልኩ ላይ ካለው 2026 ላይ 1948ን ቢቀንስ 78 ያገኛል። ስምንት ዓመት በከንቱ ጨመረባቸው። የልደቱን ዓመት መጀመሪያ ወደ ፈረንጅ አቆጣጠር መለወጥ ያስፈልጋል፤ ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ 22 ግድም ለተወለደ 7፣ ከዚያ በኋላ ለተወለደ 8 ይደመራል። ፓስፖርት ላይ ያለውንም ቀን ብዙ አትመኑት። ቀኑን የማያውቅ ሰው ብዙ ጊዜ ጃንዋሪ 1 ተብሎ ይሞላለታልና።

የድግሱ ቀን የግድ የልደቱ ቀን መሆን የለበትም። ለእኛ ቀን መምረጥ ከሁሉም የሚከብደው ነገር ነው። ከእንቁጣጣሽ፣ ከገና፣ ከፋሲካና ከዒድ በፊት ያሉት ሳምንታት የገበያ ሳምንታት ናቸው፤ በነዚያ ቀናት ልጆችን ኑ ማለት ሱቃቸውን ዝጉ ማለት ነው። ዓቢይ ጾም 55 ቀን ነው፤ የነሐሴው ፍልሰታ 15 ቀን ነው፤ ረመዳን በየዓመቱ 10 ወይም 11 ቀን ወደ ፊት ይመጣል። ለኦርቶዶክስ ቤተሰብ እኔ የምመርጠው ከፋሲካ በኋላ ያሉትን 50 ቀናት ነው። በበዓለ ሃምሳ ረቡዕና ዓርብም ስለማይጾም ማንም እንግዳ «ዛሬ ጾም ነው» ብሎ አይቸገርም፣ የፋሲካ ገበያም አልፏል። አንድ ችግር አለው፤ በቦረናና በሰሜን ኬንያ የዝናቡ ጊዜ ስለሆነ በመኪና የሚመጣ ሰው አንድ ቀን ትርፍ ይያዝ።

ቦታውስ? አዳራሽ ከመከራየታችን በፊት እናስብ። ልጆች ብዙ ጊዜ «እናታችንን ናይሮቢ እናምጣቸው፣ እዚያ እናክብርላቸው» ይላሉ። ሐሳቡ የፍቅር ነው። ነገር ግን ድንበር የሚሻገር ሰው የቢጫ ወባ ክትባት ካርድ ይጠየቃል። ዕድሜያቸው 60 እና ከዚያ በላይ የሆኑ ሰዎች ይህን ክትባት ለመጀመሪያ ጊዜ ሲወስዱ ከባድ የጎንዮሽ ጉዳት የመድረስ ዕድሉ ከወጣቶች ከፍ ይላል። ስለዚህ መጀመሪያ ሐኪም ያማክሩ፤ በደላላ ወይም በችኮላ የሚሠራ ነገር አይደለም። ቀድሞ የተከተቡ ከሆነ ካርዳቸውን ፈልጉት፤ ከ2016 እ.ኤ.አ. ወዲህ አንድ ጊዜ የተወሰደ ክትባት ለዕድሜ ልክ ይቆጠራል። ወደ ጅቡቲ ከሆነ ደግሞ ከሰኔ እስከ መስከረም ያለው ሙቀት ደጋ ለኖሩ ሰው ፈተና ነው። በእኔ አስተያየት ጉልበት ያለው ይጓዝ። ልጆች ወደ እናት ቤት ይምጡ፤ እናት የራሳቸው ወንበር ላይ፣ የራሳቸው ጎረቤት መሐል ይቀመጡ።

ድንኳኑ፣ ወንበሩና ድስቱ ደግሞ እድር ቤት አለ። ለአርባ ዓመት ወር በወር የከፈሉበት እድር ዕቃውን አንድ ቀን በሕይወት ሳሉ ቢያውሳቸው ምን ነውር አለው? ለሠርግ የሚያውሱ እድሮች ብዙ ናቸው። ሊቀመንበሩን ቀድማችሁ አነጋግሩ፣ ኪራይ ካለውም ክፈሉ።

ምግቡን በተመለከተ የእኛ ሰው የሚያውቀው፣ በከተማ ያደጉ ልጆች ግን የሚረሱት ነገር አለ። የነጋዴ እንግዳ ከሁለቱም ሃይማኖት ነው። የክርስቲያንን እርድ ሙስሊሙ አይበላም፣ የሙስሊሙን ክርስቲያኑ አይበላም። ስለዚህ ሁለት እርድ፣ ሁለት ወጥ ቤት፣ ሁለት ማቅረቢያ ያስፈልጋል፤ አቅም ካልፈቀደ ደግሞ ሽሮ፣ ምስር፣ ጎመንና ጥብስ ዓሣ ሁሉንም በአንድ ማዕድ ያስቀምጣል። ለአርባ ዓመት አብረዋቸው የሸጡ የሶማሌ ወዳጃቸው ጥግ ላይ ለስላሳ ብቻ ይዘው እንዲቀመጡ ማድረግ እናትን ማሳፈር ነው።

በኬኩ ፋንታ ድፎ ዳቦ ቢጋገር ደስ ይለኛል። ሻማ ማጥፋት ለ80 ዓመት አዛውንት ግራ ነው፤ ዳቦ መባረክ ግን ያውቁታል። ጸሎት አድርገው ራሳቸው ይቁረሱት፣ ለልጅ ልጆቻቸው በእጃቸው ያድሉ። ስኳር ያለባቸው ከሆነ ዳቦውም ስኳር ስለሚያነሣ ትንሽ ብቻ ይቅመሱ፣ ደም ግፊት ካለባቸው ጨዉ ይቀነስ፣ የመድኃኒታቸው ሰዓት በድግሱ ምክንያት አይለፍ። ለዚህ አንድ ልጅ ብቻውን ይመደብ።

እንግዳ ስትጠሩ የዘመድ ዝርዝር ብቻ አትጻፉ። የዱቤ ደብተራቸውን፣ የስልካቸውን ማውጫ አብራችሁ ግለጡ። መጀመሪያ ዕቃ በእምነት የሰጣቸው ማን ነው? በክፉ ቀን ጭነታቸውን በመጋዘኑ ያሳደረላቸው? ከእሳቸው ጋር አንድ ካቢና ውስጥ ያደረ ሹፌር? በአማርኛ የማይግባቡ የቦረና፣ የሶማሌ፣ የኬንያ ወዳጆች ይኖራሉ። ሞያሌ ከአዲስ አበባ ወደ ናይሮቢ በሚወስደው መንገድ አጋማሽ አካባቢ ስለሆነች፣ እናት ደቡብ ከሆኑ ከሁለቱም ወገን መምጣት ይቻላል። መምጣት ያልቻለ ድምፁን በስልክ ቀድቶ ይላክ። አንድ የድሮ ደንበኛ በተሰባበረ አማርኛ የሚልከው የአንድ ደቂቃ ቃል ልጆች ከሚገዙት የወርቅ ቀለበት ይበልጥባቸዋል።

የቀኑን ሥነ ሥርዓት ቡናችን ሠርቶ ሰጥቶናል። አቦል ሲቀርብ ባለ ልደቱ ይናገሩ። ቶና ላይ ልጆችና ወዳጆች እያንዳንዳቸው አንድ ውለታ ብቻ ያንሱ፤ ንግግር አይሁን፣ «በዚህ ዓመት፣ በዚህ ቦታ ይህን አደረግሽልኝ» የሚል ይሁን። በረካ ላይ ምርቃት። ሽማግሌዎች ይመርቋቸዋል፣ እሳቸውም ልጆቹን አንድ በአንድ ይመርቃሉ። ይህ ሁሉ ከሁለት ሰዓት አይበልጥም። ሙዚቃው ከዚያ በኋላ ይምጣ፣ ድምፅ ማጉያውም ከአጠገባቸው ይራቅ። ጆሮው የደከመ ሰው በጩኸት መሐል ማንንም አይሰማም፤ ፈገግ እያለ ብቻውን ይቀመጣል።

ሲናገሩ ቅዱላቸው። የእኛ ንግድ ታሪክ በመጽሐፍ አልተጻፈም፤ ያለው በእነሱ አእምሮ ነው። አንድ ስልክ ጠረጴዛ ላይ ይቀመጥና የልጅ ልጅ ይጠይቅ፦ መነሻ ገንዘብዎ ስንት ነበር? ማን ሰጠዎ? መጀመሪያ ድንበር የተሻገሩት ምን ይዘው ነው? ቋንቋ ሳያውቁ እንዴት ተደራደሩ? ሁሉን ያጡበት ጊዜ ነበር? እንዴት ተነሡ? ቅጂውን ለሁሉም ልጆች ላኩ፣ አንድ ስልክ ላይ ብቻ አይቅር። ስልክ ይጠፋል፣ ይሰበራል።

ስጦታ ስታስቡ ከጋቢና ከነጠላ በፊት ዓይናቸውን አስመርምሩ። ብዙ አዛውንት «እርጅና ነው» ብለው የተቀመጡበት የዓይን ሞራ በቀዶ ሕክምና ይወገዳል፤ ብዙውን ጊዜ በዚያው ቀን ወደ ቤት ይመለሳሉ። ከድግሱ ቢያንስ ሁለት ወር ቀድሞ ቢሠራ በዕለቱ የመጣውን ሰው ሁሉ ፊቱን ያዩታል። ለዓይናቸው መነጽር ብቻ የሚበቃቸው፣ ጥርስ የሚያስፈልጋቸው፣ ለጉልበታቸው የመጸዳጃ ቤት መደገፊያ የሚበጃቸውም አሉ። ስጦታው ከድግሱ ማግሥት ጀምሮ በየቀኑ የሚጠቅማቸው ይሁን።

ገንዘቡን በተመለከተ አንድ ሰው አይሸከመው፣ ብድርም አይገባበት። ዕቁብ የምንጥል ሰዎች ነን። አምስት ልጆች በወር ሁለት ሁለት ሺህ ብር ለ10 ወር ቢያስቀምጡ 100,000 ብር ይሆናል። ዘንድሮ ገበያ ያልቀናው ያነሰ ያዋጣ፣ ማን ስንት እንዳዋጣ ግን በድግሱ ላይ አይነገር። ወንድማማች የሚቀያየመው በገንዘቡ ማነስ ሳይሆን በመነጻጸሩ ነው። ምንም ያላዋጣው ልጅ መጥቶ ውኃ ያስታጥብ፤ ለእናት መምጣቱ ይበቃቸዋል። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ያሉት ለዚህ ነው።

በዚያ ቀን መነሣት የሌለባቸውም ነገሮች አሉ። የቤቱ ካርታ በማን ስም ይዙር፣ ሱቁ ለማን ይሁን የሚለው ጥያቄ በዚያ ቀን ከተነሣ ድግሱ የውርስ ስብሰባ ይመስላል፤ አዛውንቱም «ሊሸኙኝ ነው የተሰበሰቡት» ይላሉ። ጉዳዩ መነጋገር ካለበት ሌላ ቀን ይያዝለት። ቪዲዮውንም ሳያስፈቅዱ ቲክቶክ ላይ አትልቀቁት። በእናት ዕንባ ተመልካች መሰብሰብ ለእናት ክብር አይደለም።

አንዳንድ አዛውንት ደግሞ «ዓመቴን አትቁጠሩብኝ» ይላሉ። ከልባቸው ነው፤ አንዱ ዓይን ይፈራል፣ ሌላው መቁጠሩ ሞትን የሚጠራ ይመስለዋል፣ ሌላዋ የሞተ ባሏን ታስባለች። እነዚህን በድንገተኛ ድግስ አታስደንግጧቸው። ጠይቋቸው። እምቢ ካሉ በሚወዱት ነገር አክብሯቸው፦ በስማቸው ጉድጓድ ውኃ ይታደስ፣ ለሰፈሩ ችግረኛ ልጆች ደብተር ይገዛ፣ ለረጅም ጊዜ ያላዩት እህታቸው ዘንድ ይወሰዱ። ልጆቻቸው ሁሉ አንድ ምሽት አብረዋቸው ቢያድሩ ብቻም ለብዙዎቹ ከበቂ በላይ ነው።

አንድ ሐቅ ልንገራችሁ። ሁላችንም ቀብር ላይ ደርሰን «አንድ ቀን እመጣለሁ ብዬ ነበር» ያለ ሰው አይተናል። ሱቅ የሚዘጋው ለቀብር ከሆነ፣ ለምርቃትም አንድ ሦስት ቀን ሊዘጋ ይችላል፤ ደንበኛ ይመለሳል፣ ዕቃም ይሸጣል። ዛሬ ማታ ወደ ቤት ስትደውሉ የተለመደውን «ደህና ነሽ ወይ» ካላችሁ በኋላ አንድ ጥያቄ ጨምሩ፦ «እማዬ፣ ስንት ዓመትሽ ነው?» መልሱ 69 ወይም 79 ከሆነ ለወንድም እህቶቻችሁ ደውሉና ዕቁቡን ከዚህ ወር ጀምሩ።